ወይዘሮ አርክቴክት

ሙኒክ ውስጥ ሰው በስሙ ሲጠራ የተሰደበ ይመስለዋል። ማዕረግ ያለው በማዕረጉ፣ ማዕረግ የሌላት ሚስት ደግሞ በባሏ ማዕረግ ትጠራለች። ጥርስ ነቃይ ያገባችው ጎረቤት «ወይዘሮ ዶክተር» ነች፤ ከራሷ ጥርስ በቀር የማንንም ጥርስ አይታ አታውቅም። የወህኒ ቤት ጸሐፊ ያገባችው «ወይዘሮ ዋና ጸሐፊ» ነች፤ የገዛ ስሟን ስትጽፍ ሁለት ፊደል ትገድፋለች። ቫልቡርጋ ብራንድልም ከአሥራ ሁለት ዓመቷ ወዲህ የትምህርት ቤት ደጃፍ ሳትረግጥ «ወይዘሮ አርክቴክት» ነበረች።

«እንደምን አደሩ፣ ወይዘሮ አርክቴክት! ያንኑ አጃ ዳቦ ነው?» ይላታል ዳቦ ጋጋሪው፣ ሱቁ በሰው ተጨናንቆ ሳለ ከሁሉም አስቀድሞ።

«ያንኑ። የትናንቱ ግን መሐሉ ሊጥ ነበር። ዛሬም ሊጥ ከሆነ ተመልሼ ፊትዎ ላይ ነው የምለጥፈው።»

«ይቅርታ፣ ወይዘሮ አርክቴክት!»

አዲስ የተቀጠረችው ሻጭ አንድ ቀን ሳታውቅ «ወይዘሮ ብራንድል» ብትላት ቫልቡርጋ አልሰማችም። ሦስት ጊዜ ተጠራች፤ ሦስቱንም ጊዜ ጣሪያ ጣሪያውን ታያለች። በአራተኛው ጋጋሪው ልጅቷን በክርኑ ጎሸም አደረጋትና ነገሩ ተቃና።

ባሏ ሉዶልፍ የፊልም አርክቴክት ነው። የፊልም አርክቴክት ማለት ጀርባ የሌለው ቤተ መንግሥት፣ የትም የማያስገባ በር፣ ወጥተው ወጥተው አየር ላይ የሚያልቅ ደረጃ የሚሠራ ሰው ማለት ነው። ፊልሙ ተነሥቶ ሲያበቃ ሠራተኞች መጋዝ ይዘው ይመጡና ቤተ መንግሥቱን ፈልጠው ምድጃ ውስጥ ይከቱታል። ከዚያ ሁሉ ድካም የሚተርፈው ፊልሙ ሲጀምር ብቅ የሚለው ጽሑፍ ብቻ ነው፤ «አርክቴክት፦ ሉዶልፍ ብራንድል»። ቫልቡርጋ ሲኒማ የምትገባው ለዚያ ጽሑፍ ነው። እሱ ካለፈ በኋላ ማን ማንን እንዳፈቀረ፣ ማን ገደል እንደገባ ደንታም አልነበራት፤ ኮቷን ተንተርሳ ታንኮራፋለች።

እሷም ብትሆን እጇን አጣጥፋ የተቀመጠች ሚስት አይደለችም። ስቱዲዮ ውስጥ ሥራዋ ግድግዳ ማቆሸሽ ነው። ሳቅ የለበትም፣ ሥራ ነው። ትናንት የተለሰነ ጄሶ ካሜራ ፊት ሲቆም እንደ ሙሽራ ጥርስ ያብለጨልጫል፤ የድሃ ጎጆ ነው ብለህ ብትምል የሚያምንህ የለም። ያኔ ቫልቡርጋ ባልዲዋን ይዛ ትመጣለች። የተንተከተከ ሻይ፣ ጥላሸት፣ የኮመጠጠ ወተት፣ የወለል ሰም። ከምድጃው በላይ ጢስ ታሳርፋለች። ከመስኮቱ ሥር የዝናብ እንባ ታወርዳለች። በር እጀታው አጠገብ የመቶ ሰው የእጅ ወዝ ታስቀምጣለች። ሉዶልፍ ንጹሕ አድርጎ ይሠራል፣ እሷ ታቆሽሽለታለች፤ ትዳራቸውም እንደዚያው ነበር። የእሷ ስም ግን አንድም ቀን ፊልም ላይ ወጥቶ አያውቅም። ምን ታደርግበታለች? ወይዘሮ አርክቴክት ነቻ!

በፈረንጆቹ 1956 መጋቢት ላይ፣ አንድ ማክሰኞ ጠዋት ደብዳቤ መጣ። አዲስ ሕግ ወጥቷል፤ ለአርክቴክቶች መዝገብ ተከፍቷል፤ መዝገቡን የሚጠብቅ ኮሚቴም ተሰይሟል። ኮሚቴው ለአቶ ሉዶልፍ ብራንድል እንዲህ ይላል፦ አርክቴክት የሚለው ቃል ከእንግዲህ በሕግ የተጠበቀ ነው። ስለዚህ ቆሞ የሚታይና ሰው የሚገለገልበት አንድ ሕንፃ ሠርተው እንደሆነ ያሳዩን። ከሌለ ቃሉን ከበርዎ፣ ከደብዳቤ ወረቀትዎና ከፊልም ላይ ያንሱ።

ሉዶልፍ ሲያነብ ፊቱ ቀይ ሥር መሰለ።

«አንድ ሕንፃ? እኔን? ቬኒስን የሠራሁትን ሰውዬ! ሁለት ጊዜ!»

«ሁለቱንም ጊዜ ፈልጣችሁ ሞቃችኋታል» አለች ቫልቡርጋ።

«የሮም አደባባይስ!»

«ሰኔ ላይ ዝናብ መታው፣ ሟሟ።»

«የቻይናው ንጉሥ ግቢስ!»

«ሙጫው ዱቄት ነበር። አይጥ በላው።»

«አንቺ ሴትዮ፣ የማን ወገን ነሽ?»

«የነሐሱ! በራችን ላይ ‹አርክቴክት› የሚለውን ነሐስ በየቅዳሜው የምወለውለው እኔ ነኝ። እሱ ከተነቀለ እኔ ማን ልባል ነው? ወይዘሮ ጄሶ?»

እውነቱን ለመናገር ሉዶልፍን አርክቴክት ብሎ የሾመው ዩኒቨርሲቲ አይደለም። አባቱ ሽትራውቢንግ ውስጥ የሬሳ ሣጥን አናጢ ነበር። ልጁ በሃያ ሁለት ዓመቱ በርሊን ገብቶ ፊልም ሠሪዎች ዘንድ መዶሻ ሲይዝ የሠራው ግድግዳ ሁሉ ጠማማ ሆነ፤ ቱንቢ መጣል አያውቅማ። መስኮቱ ወደ ግራ፣ በሩ ወደ ቀኝ፣ ጣሪያው ወደ ሰው ራስ። ጋዜጠኞች መጥተው አዩና «የዘመኑ ነፍስ ጭንቀት» ብለው ጻፉለት። በማግስቱ አርክቴክት ተባለ። ቱንቢውን ከተማረ በኋላ እንኳ ሁለት ዓመት ሙሉ ሆን ብሎ ሲያጣምም ኖረ።

ከዚያ ክፉ ዘመን መጣ። ሹማምንቱ ዓምድ ወደዱ፤ ሉዶልፍም ዓምድ ሠራ። ወፍራም ዓምድ ወደዱ፤ ሉዶልፍም አወፈረ፤ ጫፉ ላይ ንስር አስቀመጠበት። ዓምዱ እየወፈረ ሲሄድ ከጎረቤት ተወስዶ የማይመለሰው ሰውም በዛ። እሱ ግን «እኔ ግድግዳ ብቻ ነው የምሠራው» ይል ነበር። ቫልቡርጋም ጄሶው እብነ በረድ እንዲመስል ስትቀባ ከረመች፤ አፏን አልከፈተችም፣ ስለዚህ በእሱ ብቻ አይፈረድም። ጦርነቱ አልቆ አሜሪካኖቹ መቶ ሠላሳ አንድ ጥያቄ ያለበት ወረቀት ሲሰጡት፣ «ለመንግሥት ምን ሠራህ?» ለሚለው በወፍራሙ መለሰ፦ «በሕይወቴ አንድም እውነተኛ ነገር ሠርቼ አላውቅም። ሁሉም ጄሶና ጆንያ ነው።» ንጹሕ ነህ ተባለ። ንስሮቹ በመጋዝ ወደቁ፤ ዓምዶቹ ግን አልተጣሉም። ሕዝቡ አሁን የሚፈልገው የተራራ ፊልም ነው፤ ጥድ፣ ላም፣ ዘፈን። ቫልቡርጋ ዓምዶቹን ቅርፊት ቀባቻቸውና ጥድ ሆነው አረፉ። አገሩ በሙሉ መሐረብ ይዞ እየተነፋረቀ ያየው ጫካ የእነዚያ ሹማምንት አዳራሽ ነበር።

ደብዳቤው ከመጣ በኋላ ሉዶልፍ ሦስት ቀን ሳይላጭ ተጋደመ። በአራተኛው ቀን ቫልቡርጋ ጭልፋዋን ይዛ የመኝታ ቤቱ በር ላይ ቆመች።

«ኦበርክራይት» አለች።

«ምን?»

«የኦበርክራይቱ ጸሎት ቤት። ማን አፈረሰው?»

ሉዶልፍ ተነሥቶ ቁጭ አለ። ከሦስት ዓመት በፊት የአንዲት የወፍጮ ቤት ልጅና የአንድ ጫካ ጠባቂ ፍቅር ያለበትን ፊልም ሊያነሡ ተራራ ወጥተው በአሥራ ዘጠኝ ቀን ጸሎት ቤት አቁመው ነበር። ቦታው ጠባብ ነው፤ ዳይሬክተሩ ደግሞ ረጅም ካልሆነ ሞቼ እገኛለሁ አለ። ሉዶልፍም የሙያውን ዘዴ አመጣ። ከበሩ ወደ መሠዊያው ሲኬድ ወለሉ ከፍ፣ ጣሪያው ዝቅ፣ አግዳሚ ወንበሩ አነስ፣ መስኮቱ ጠበብ ይላል። በሩ ላይ ቆሞ ለሚያይ ካቴድራል ነው፤ ገብቶ ለሚራመድ የጠርሙስ አንገት ነው። ፊት ወንበር ላይ የተቀመጡት ሽማግሌዎች ጺም የተለጠፈላቸው ሕፃናት ነበሩ። ቫልቡርጋ በአራት ቀን የዘመናት ቆሻሻ ቀባችበት። የመጨረሻው ቀን በረዶ ሳይታሰብ ወረደና ፊልም ሠሪው ሁሉ መጋዙን ጥሎ ሸሸ።

«ቆሞ ይሆን?» አለ ሉዶልፍ።

«የመንደሩን ጸሎት ቤት መብረቅ አቃጥሎባቸው አልነበር? ቄሱ ያኔውኑ ዓይናቸውን ጥለውበት ነበር። ተነሥ፣ ተላጭ።»

ለኮሚቴው ተጻፈ። ኮሚቴውም ሚያዝያ አሥራ ሁለት፣ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ላይ ቦታው ድረስ መጥቶ እንደሚያይ መለሰ።

ባልና ሚስቱ በመጀመሪያው አውቶቡስ ሄደው ከኮሚቴው በፊት ኦበርክራይት ደረሱ። ጸሎት ቤቱ ቆሟል። ቆሞ ብቻ ነው እንዴ! ዙሪያው አበባ ተተክሎለታል፣ የተከፈተው ጀርባው በሳንቃ ተዘግቶለታል፣ ፊት ለፊቱ ሁለት የጎብኚ አውቶቡስ ተገትሯል። የሉዶልፍ ዓይን እንባ አቀረረ።

የመንደሩ ሹምና የምግብ ቤቱ ባለቤት ኪልያን ሽታድለር ሽርጡን እንደታጠቀ እየሮጠ መጣ። «ኧረ አቶ አርክቴክት! ኧረ ወይዘሮ አርክቴክት! ምን እግር ጣላችሁ?»

ሉዶልፍ ግድግዳውን እንደ ፈረስ አንገት ሊዳብስ ሄደ። ቫልቡርጋ ግን በሩ አጠገብ የተተከለውን ድንጋይ ፊደል በፊደል እየለቀመች አነበበች። «ይህ ጸሎት ቤት በስዊድኖች ጦርነት ጊዜ፣ በ1648፣ አባቶቻችን በስለት ያቆሙት ነው።»

«አባቶቻችሁ?» አለች። «እነዚያን አባቶች በዓይኔ አይቻቸዋለሁ። ሁለቱ የመብራት ሠራተኞች ነበሩ። አንደኛው ሰክሮ ባልዲዬ ላይ ወድቋል።»

ኪልያን ዞር ዞር ብሎ አየና ክንዷን ይዞ ወደ ጎን ወሰዳት።

«በእግዜር፣ ድምፅዎን ዝቅ ያድርጉ! እኛ አልዋሸንም። አንድ ጎብኚ መጣና ‹ስንት ዓመቱ ነው?› አለ። ‹ለእርስዎ ስንት ይመስልዎታል?› አልነው። ‹ሦስት መቶ› አለ። እንግዳን መቃወም ነውር አይደለም እንዴ?»

«ድንጋዩንም እንግዳው ነው የቀረጸው?»

«ድንጋዩ… ድንጋዩ ኋላ ነው የመጣው።»

ቫልቡርጋ የመጡበትን ነገር ነገረችው። ኪልያን ሲሰማ ፊቱ አመድ ሆነ።

«አለቅን በሉኛ! የወረዳው ሕንፃ ቢሮ እኮ ያለ ፈቃድ የተሠራ የዶሮ ቤት እንኳ አይምርም። አምና አንዲት መበለት ለንቦቿ መጠለያ ብታቆም ነቅለው ጣሉባት። ይኼ ቤት የጥንት ነው እስከተባለ ድረስ ማንም አይነካውም። ባልዎ ‹በ1953 እኔ ሠራሁት› ካሉ ግን ያው ፈቃድ የሌለው አዲስ ቤት ነው። በሳምንቱ ትራክተር ይመጣል።»

«ካልተናገረ ደግሞ አርክቴክትነቱን ይነጠቃል። እኔም አብሬ።»

«አንድ ቃል እኮ ናት፣ ወይዘሮ አርክቴክት!»

«ለእርስዎ ነው አንድ ቃል። እኔ ዳቦ የምገዛው በእሷ ነው» አለችና ትታው ወደ ውስጥ ገባች።

ውስጥ አንዲት ባልቴት ወለል ይጠርጋሉ። ቄሱ አባ ኮርቢኒያን መሠዊያው አጠገብ ሻማ ያስተካክላሉ። እሳቸው የጥድ ግንድ የሚያህሉ ሰው ናቸው፤ እዚያ ጥግ ሲደርሱ ጣሪያው ስለሚመታቸው ተንበርክከው ነው የሚሠሩት። መንደሩ ግን «አባ ትሑት ሆኑ» ይላቸዋል። ትሑት ሳይሆኑ የተፈነከቱት ሁለት ጊዜ ነው።

ቫልቡርጋ የሥራ ዓይኗን ጣለች። ጢሱ ልክ ነው። ከመስኮቱ ሥር ያወረደችው የዝናብ እንባ በእውነተኛ ዝናብ ተጠናክሯል። ሰሜኑ ጥግ ላይ ጥላሸት አብዝታለች፤ ያኔም ታውቀው ነበር፣ ቸኩላ ነው።

«ግድግዳውን አታጥቡትም እንዴ?» አለች ባልቴቲቱን፣ ነገር ለመፈለግ ያህል።

ባልቴቲቱ መጥረጊያቸውን ተደገፉ። «ይታጠባል? ያበድሽ ነሽ እንዴ ልጄ? ነይ፣ ነይ እዪ።» እጇን ይዘው በሩ ዘንድ ወሰዷትና ከመቃኑ አጠገብ ያለውን ጥቁር ወዝ አሳዩዋት። «የአባቶቻችን እጅ ነው። ስንቱ ወረርሽኙን ሸሽቶ ሲገባ የተደገፈው ነው። እኔም ስገባ እዚሁ ነው እጄን የማሳርፈው። ባሌ ሲሞት ጊዜ እዚህ ተደግፌ ነው የቆምኩት።»

ያን ወዝ ቫልቡርጋ በወለል ሰምና በጥላሸት፣ በገዛ መዳፏ ነበር ያተመችው። ባልቴቲቱ ዞር ሲሉ መዳፏን አስጠጋችው። ልክ ገጠመ። ከላዩ ላይ ግን የእሷ ያልሆነ፣ የሌላ ሰው እጅ እውነተኛ ቅባት ተደርቦበታል። መዳፏን በኮቷ ልትጠርግ አለችና ተወችው።

አራት ሰዓት ላይ ኮሚቴው ደረሰ። ሊቀ መንበሩ ዶክተር ትሮይትለር በትር የያዙ፣ አንገታቸው ከኮሌታቸው የሚፈስ ሰው ናቸው። እሳቸው በክፉው ዘመን እንደ ሉዶልፍ በጄሶ አልተጫወቱም፤ ለሹማምንቱ ዓምድ ያቆሙት በእውነተኛ ድንጋይ ነው። ዓምዶቹም እስካሁን ቆመዋል፣ ስለዚህ እውነተኛ አርክቴክት ናቸው። አብረዋቸው የጥንት ሕንፃ አዋቂው ፕሮፌሰር ኢመሮትና አንድ መዝገብ የታቀፈ ጸሐፊ አሉ። መንደርተኛውም ነገሩን ሰምቶ ተግተልትሎ ገባ።

ሉዶልፍ ደረቱን ነፍቶ «ይህ ነው ሕንፃዬ!» ሲል ፕሮፌሰሩ አልሰሙትም። ግድግዳው ላይ ተለጥፈው ቀርተዋል። ያሸታሉ። በጥፍራቸው ይነካካሉ። በምላሳቸው ጫፍ ሳይቀር ቀመሱት።

«ጌቶች» አሉ ድምፃቸው እየተንቀጠቀጠ፣ «ይህ የሦስት መቶ ዓመት የሻማ ጢስ ነው። እንዲህ ያለ ቅርስ ሰው እጅ አያበጀውም፤ ጊዜ ብቻ ነው የሚያበጀው!»

ቫልቡርጋ ጉንጯ ሞቀ። በሥራ ዘመኗ ማንም «ጎበዝ» ብሏት አያውቅም፤ ካሜራው ሲነሣ «ቆሻሻው ይበቃል፣ ዞር በይ» ነበር የምትባለው።

«ይህንስ እዩ!» አሉ ፕሮፌሰሩ፣ ወደ መሠዊያው እያመለከቱ። «ወደ አምላክ በቀረብን ቁጥር ዓለም እየጠበበች ትሄዳለች! ስሙ ያልታወቀ አንድ የገበሬ ሊቅ የሠራው ጥልቅ የሃይማኖት ትምህርት ነው።»

«ቦታ ጠቦኝ ነው!» ብሎ ጮኸ ሉዶልፍ። «ዳይሬክተሩ ይርዘም አለኝ፣ ገደሉ አላስኬደኝም!»

ዶክተር ትሮይትለር ሊያዩ ወደፊት ሲራመዱ ግንባራቸውን ከጣሪያው ጋር አጋጩ። ቄሱ ከተንበረከኩበት ሆነው «እግዚአብሔር ይማርዎ» አሏቸው።

«አቶ ብራንድል» አሉ ሊቀ መንበሩ ግንባራቸውን እያሹ፣ «ይህን እኔ ሠራሁት ነው የሚሉን?»

«በ1953! በአሥራ ዘጠኝ ቀን!»

«እግዜር ይቅር ይበልዎት» አለ ኪልያን ከኋላ። «አያቴ የተጠመቁት እዚህ ነው።»

«የኔም!» አለ አንዱ።

«የኔ አያት እንዲያውም ሁለቴ ተጠምቀዋል፣ ስለሚያለቅሱ» አለ ሌላው። መንደርተኛው ውሸቱ ጣመው፤ ከየወንበሩ አያት የማያነሣ ጠፋ።

ሉዶልፍ ቱግ አለ። ሰንጢውን መዝዞ ከመሠዊያው ጀርባ ግድግዳውን ዘረጠጠው። ጄሶው ተፈረፈረና ጆንያው ብቅ አለ፤ ጆንያው ላይ የስኳር ፋብሪካ ማኅተም፣ ከማኅተሙ ሥር «1951» የሚል ቁጥር። ኪልያን ዓይኑን ጨፈነ።

ፕሮፌሰሩ ጎንበስ ብለው መነጽራቸውን አስተካክለው አዩ።

«አረመኔነት ነው!» አሉ። «ከጦርነቱ በኋላ አንድ ደንቆሮ ይህን የመሰለ ቅርስ በስኳር ጆንያ ጠግኖታል! ማነው ይህን ያደረገ?»

«አንድ ሰካራም ለሳኝ ነበር» አለ ኪልያን ዓይኑን ሳይገልጥ። «ሞቷል።»

«ለሳኙ እኔ ነኝ! አልሞትኩም! ሁሉንም የሠራሁት እኔ ነኝ!»

ዶክተር ትሮይትለር ጸሐፊው ከታቀፈው መዝገብ ውስጥ አንድ የተጣጠፈ ወረቀት አወጡ። «በ1946 በእጅዎ የጻፉት ነው። ‹በሕይወቴ አንድም እውነተኛ ነገር ሠርቼ አላውቅም።› ያኔ ነው የዋሹት ወይስ አሁን?»

«ያኔ ስለ ጄሶ ነው የጻፍኩት!»

«ይህስ ጄሶ አይደለም?»

«ነው! ማለቴ… እሱማ ጄሶ ነው። ግን ቆሟል!»

ከመንደርተኛው መሐል ሳቅ አመለጠ። ሉዶልፍ ዙሪያውን ሲያይ የሚያምነው አንድም ፊት አጣ። ያኔ ሚስቱን አያት።

«ቡርጊ! ንገሪያቸው! በገዛ እጅሽ አይደለም እንዴ ያቆሸሽው? ሻዩን፣ ጥላሸቱን፣ አንድ በአንድ ንገሪያቸው!»

ሁሉም ወደ እሷ ዞረ። ኪልያን ሽርጡን ጨብጧል። ቄሱ አጎንብሰዋል። ባልቴቲቱ ምንም አልገባቸውም፤ መቃኑን ተደግፈው ይጠብቃሉ። ሊቀ መንበሩ «ይናገሩ፣ ወይዘሮ አርክቴክት» አሉ፤ እስከዚያች ደቂቃ ድረስ ማዕረጉ ገና የእሷ ነው።

ቫልቡርጋ እውነቱን ለማሳየት አንዲት ባልዲ ሻይ ትበቃት ነበር። ምድጃ ላይ አስጥዳ፣ እዚሁ ግድግዳ ላይ ሌላ የሦስት መቶ ዓመት እድፍ ከምሳ በፊት ልታደርስላቸው ትችላለች። ያን ጊዜ ባሏ አርክቴክት ነው፣ እሷም ወይዘሮ አርክቴክት ነች፣ ትራክተሩም መንገድ ይጀምራል። ያ ወዝ ከጄሶው ጋር ተፈርፍሮ ጎማ ሥር ይገባል።

«እኔ» አለች ቀስ ብላ፣ «ያልተማርኩ ሴት ነኝ። እዚህ አንድ ዶክተርና አንድ ፕሮፌሰር ቆመው እኔ ስለ ግድግዳ ምን አውቃለሁ? ሦስት መቶ ዓመት ነው ካሉ ሦስት መቶ ዓመት ነው። ቀምሰውታል እኮ።»

«ቡርጊ!»

«ባሌ ታሟል» አለች። «ሠላሳ አምስት ዓመት ሙሉ ሲያፈርሱበት ኖሩ። የቆመ ነገር ሲያይ ጊዜ የኔ ነው ማለት ጀመረው።»

ኪልያን የታፈነ ትንፋሹን ሲለቅ እስከ በሩ ተሰማ። ፕሮፌሰሩ ግድግዳውን እንደ ሕፃን ዳበስ አደረጉ። ሊቀ መንበሩም ፈረዱ፦ ሕንፃው የጥንት ነው፣ ይጠበቅ፤ አቶ ብራንድል የሌላውን ሥራ የኔ ነው ብለዋል፣ መዝገቡ ላይ አይስፈሩ፤ ቃሉን ከዛሬ ጀምሮ አይጠቀሙ።

ጸሐፊው ቃለ ጉባኤውን ወንበር ላይ ዘርግቶ ማስፈረም ጀመረ። ሉዶልፍ ሙያ በሚለው መስመር ላይ «አርክ» ብሎ ጀመረና እጁ ቆመ። ሰረዘው። ከጎኑ ምን እንደሚጽፍ ጠፋበትና ባዶውን ተወው። ተራው የቫልቡርጋ ሆነ።

«ስም?»

«ቫልቡርጋ ብራንድል።»

«ሙያ?» ጸሐፊው አፈረ። «እንግዲህ… ወይዘሮ አርክቴክት ማለት ከአሁን በኋላ…»

«ግድግዳ አቆሽሻለሁ።»

«እንዴት?»

«አቆሽሻለሁ አልኩህ። ጻፈው።»

ጸሐፊው ሊቀ መንበሩን አየ። «ቀቢ በላት» አሉ ሊቀ መንበሩ፣ ምንም ሳይጠረጥሩ።

«ቀቢ አይደለሁም!» ብላ ጮኸች። «ቀቢ ያጸዳል። እኔ አቆሽሻለሁ። ከሥሩ ነው የምፈርመው፤ እንዳልኩህ ካልጻፍክ አልፈርምም።»

እንዳለችው ተጻፈ። ስሟ ለመጀመሪያ ጊዜ ከሙያዋ ጋር ወረቀት ላይ ሰፈረ፣ ያውም በሦስት የኮሚቴ ማኅተም። ፈርማ ስትጨርስ ፕሮፌሰሩን «ሰሜኑ ጥግ ጥላሸት አልበዛበትም?» አለቻቸው። «በጭራሽ!» አሉ ፕሮፌሰሩ። «እንከን የለውም።» እሷ ግን አሁንም በዝቷል ባይ ነች።

ሲመለሱ፣ ባቡሩ ሮዘንሃይም ከተማን ካለፈ በኋላ ሉዶልፍ መስኮቱን እያየ «ለምን?» አላት።

«ምኑን?»

«ሠላሳ ዓመት አብረን በልተን፣ አንድ ቃል ነፈግሽኝ። ግድግዳው እኮ የኔ ነው።»

«ግድግዳውማ ያንተ ነው። ሦስት መቶ ዓመቱ ግን የኔ ነው» አለችው። «ካሜራ ፊት ዞር በይ ያላችሁኝ አንሶ ዛሬ ለነሐስህ ብዬ በገዛ አፌ ላፍርሰው?»

ሉዶልፍ ከዘንቢሉ ውስጥ ቋሊማው እንዲወጣለት ጠየቀ። ቫልቡርጋ አወጣች፣ ለሁለት ከፈለችው፤ ትልቁን ራሷ በላች።